ባለቤት የሌለው ላይብረሪ፦ ፍሪቨርብ በፍሉይድሲንት ውስጥ

በኮምፒውተር ሙዚቃ የሚሠራ ሰው ስሙን ባያውቀው እንኳ ድምፁን ሳይሰማው የማይቀር አንድ ላይብረሪ (ሌሎች ፕሮግራሞች ወስደው የሚጠቀሙበት ኮድ) አለ። ፍሪቨርብ ይባላል። በደረቁ ለተቀዳ ድምፅ የክፍል ወይም የአዳራሽ ማስተጋባት (ሪቨርብ) ይሰጣል፤ የተጻፈው በሲ ፕላስ ፕላስ ነው። እ.ኤ.አ. በጁን 2000 ራሱን «ጄዛር፣ ከድሪምፖይንት» ብሎ የገለጸ ፕሮግራመር፣ ኮዱ የሕዝብ ሀብት መሆኑን በየፋይሎቹ አናት ላይ በአጭር ማስታወሻ አስፍሮ ለቀቀው። የሚወስደው ሰው ክፍያ እንዲከፍል ወይም ፈቃድ እንዲጠይቅ ቀርቶ የደራሲውን ስም እንዲጠቅስ እንኳ አይገደድም ነበር። ከዚያ በኋላ የድምፅ ፕሮግራሞችና መሥሪያዎች የሆኑት ሶክስ፣ ፒውር ዴታ፣ ሱፐርኮላይደር፣ ጁስ እና በሊነክስ ላይ የሚሠሩ የላድስፓ ፕለጊኖች (በሌላ ፕሮግራም ላይ የሚሰኩ ተጨማሪዎች) እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን ቅጂ ይዘው ተገኙ።

ይህ የጉዳይ ጥናት የሚከታተለው ከእነዚህ ቅጂዎች አንዱን ብቻ ነው፤ እሱም በፍሉይድሲንት ውስጥ ከ2001 እስከ 2020 (እ.ኤ.አ.) የኖረውን። ፍሉይድሲንት የሚዲ ትእዛዝ (የትኛው ኖታ መቼ እንደሚመታ የሚነግር መልእክት) ተቀብሎ፣ ሳውንድፎንት በሚባል ፋይል ውስጥ የተቀመጡ የሙዚቃ መሣሪያ ቅጂዎችን እየተጠቀመ ድምፅ የሚያወጣ ነጻ ሲንተሳይዘር ነው። እሱን የመረጥኩት ገንቢዎቹ የሪቨርቡን ኮድ በነካኩ ቁጥር ለምን እንደነካኩት በኮዱ ውስጥ ጽፈው ስላቆዩ ነው። ብዙ ፕሮጀክቶች ይህን አያደርጉም፤ ሲያደርጉም «ተስተካክሏል» ብለው ያልፋሉ። የማቀርበው ክርክርም አጭር ነው፦ ፍሪቨርብ በዚህ ሁሉ ፕሮግራም ውስጥ ሊገባ የቻለው ባለቤት ስላልነበረው ነው፤ ያው ባለቤት ማጣቱ ግን እያንዳንዱ ወሳጅ አንዱን ጉድለት ለብቻው ፈልጎ ለብቻው እንዲጠግን አስገድዶታል።

ስምንቱ ፋይሎች

የላይብረሪው ዋና አካል ስምንት ፋይሎች ነው። ሁለቱ ኮምብ የሚባለውን ፊልተር (ድምፅን ተቀብሎ ለውጦ የሚያወጣ ስሌት)፣ ሁለቱ ኦልፓስ የሚባለውን ፊልተር፣ ሌሎች ሁለቱ ደግሞ ፊልተሮቹን አገናኝቶ የሚያሠራውን ሞዴል ይይዛሉ። ሰባተኛው ፋይል የቁጥሮች ዝርዝር ብቻ ነው። ስምንተኛው ጥቂት መስመሮች ያሉት ሲሆን ዲኖርማል የሚባሉ ቁጥሮችን ለማጥፋት የተጻፈ ነው፤ ወደ እሱ እንመለሳለን። ከሙዚቃ ማቀናበሪያ ፕሮግራም ጋር የሚያገናኘው የፕለጊን ሽፋን ከእነዚህ ተለይቶ ስለተቀመጠ፣ አንድ ገንቢ ሽፋኑን ትቶ ስምንቱን ፋይሎች በራሱ ፕሮግራም ውስጥ መክተት ይችል ነበር። ላይብረሪውን ላይብረሪ ያሰኘው ይህ አከፋፈል ነው፤ የድምፁ ስሌትና የፕለጊኑ ሽፋን በአንድ ፋይል ተዘበራርቀው ቢሆን ኖሮ ብዙዎቹ ወሳጆች አይደፍሩትም ነበር ብዬ አምናለሁ።

የስሌቱ ሐሳብ አዲስ አልነበረም። ማንፍሬድ ሽሮደር በአሜሪካው ቤል ላብስ ሲሠሩ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ላይ አራት ኮምብ ፊልተሮችን ጎን ለጎን፣ ሁለት ኦልፓስ ፊልተሮችን ደግሞ ከእነሱ ቀጥሎ በተከታታይ በማስቀመጥ ማስተጋባትን በስሌት መፍጠር እንደሚቻል አሳይተዋል። ጄምስ ሙረር በ1979 ኮምቡ ያወጣውን ድምፅ ወደ ራሱ በሚመልስበት ምልልስ ውስጥ ቀጭኑን ድምፅ የሚያደበዝዝ ፊልተር ጨመሩበት፤ በእውነተኛ ክፍልም አየርና ግድግዳ ቀጭኑን ድምፅ ከወፍራሙ ቀድመው ስለሚውጡት ነው። ጄዛር ያደረገው ኮምቦቹን ስምንት፣ ኦልፓሶቹን አራት አድርጎ፣ ርዝመታቸውን ለጆሮ በሚስማማ መልኩ መምረጥ ነበር።

ኮምብ ፊልተር የገባበትን ድምፅ ለጥቂት ሚሊሰከንዶች አቆይቶ ያወጣዋል፤ ያወጣውንም በመጠኑ ቀንሶ መልሶ ወደ ራሱ ያስገባዋል። በግራው ቻናል የስምንቱ ኮምቦች ቆይታ በሳምፕል (ድምፁ በየቅጽበቱ ተለክቶ በሚጻፍባቸው ቁጥሮች) ሲቆጠር 1116፣ 1188፣ 1277፣ 1356፣ 1422፣ 1491፣ 1557 እና 1617 ነው። የአራቱ ኦልፓሶች ቆይታ 556፣ 441፣ 341 እና 225 ነው። በቀኙ ቻናል በእያንዳንዱ ላይ 23 ይደመራል፤ ሁለቱ ጆሮዎች የተለያየ ነገር እንዲሰሙና ድምፁ ሰፋ ብሎ እንዲሰማ የሚያደርገው ይህች ትንሽ ልዩነት ናት። በሰከንድ 44,100 ሳምፕል ስሌት አጭሩ ኮምብ 25.3 ሚሊሰከንድ፣ ረጅሙ 36.7 ሚሊሰከንድ ያቆያል። የሁለቱም ቻናሎች ማቆያዎች በአንድ ላይ 25,450 ሳምፕሎች ይይዛሉ፤ እያንዳንዱ አራት ባይት ስለሆነ ጠቅላላው የማስታወሻ ፍጆታ 100 ኪሎባይት ገደማ ነው። ለዘመኑ ኮምፒውተር ይህ እዚህ ግባ የሚባል ሸክም አልነበረም።

ኦልፓሶቹ ለምን እንዳስፈለጉ ከቁጥሮቹ ይታያል። ስምንቱ ኮምቦች ብቻቸውን የሚመልሷቸው ምቶች ሲደመሩ በሰከንድ 260 ገደማ ናቸው፤ ሽሮደር ግን ጆሮ ነጠላ ምቶችን ለይቶ እንዳይቆጥር በሰከንድ 1,000 ያህል ምት እንደሚያስፈልግ አስልተው ነበር። በተከታታይ የተቀመጡት አራቱ ኦልፓሶች እያንዳንዷን ምት ወደ ብዙ ምቶች እየበተኑ ክፍተቱን ይሞላሉ። የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲው ጁሊየስ ስሚዝ እንዳመለከቱት፣ በኮዱ ኦልፓስ ተብሎ የተሰየመው ፊልተር በትክክል ኦልፓስ የሚሆነው፣ ማለትም ቀጭኑንም ወፍራሙንም ድምፅ በእኩል መጠን የሚያሳልፈው፣ የምልልስ መጠኑ 0.618 ሲሆን ብቻ ነው፤ ፍሪቨርብ የሚጠቀመው 0.5ን ነው። ስለዚህ ፊልተሩ በሚያልፈው ድምፅ ላይ ጥቂት ቀለም ይጨምራል። ይህ የሒሳብ ስህተት ነው ወይስ ሆን ተብሎ በጆሮ የተመረጠ ነው የሚለው ብዙም አያስጨንቀኝም፤ ውጤቱ ደስ ይላል፣ የቀዱትም ሁሉ እንዳለ ቀዱት።

ከሲ ፕላስ ፕላስ ወደ ሲ

ፍሉይድሲንት የተጻፈው በሲ ስለነበረ ስምንቱ ፋይሎች እንዳሉ ሊገቡበት አልቻሉም። የፕሮጀክቱ ጀማሪ ፒተር ሃናፕ በሜይ 2001 ወደ ሲ ቀይሮ በአንድ ፋይል ውስጥ ሰበሰባቸው። በዚያው አጋጣሚ አንድ ለውጥ ተደረገ። የጄዛር ኮድ ግራና ቀኝ ቻናሎችን ተቀብሎ ደምሮ ይጠቀም ነበር፤ በፍሉይድሲንት ውስጥ ወደ ሪቨርቡ የሚገባው ድምፅ ግን አንድ ቻናል ብቻ ነው። ስለዚህ ድምሩን ለመተካት የገባው ሳምፕል በሁለት ይባዛል፤ ምክንያቱም በኮዱ ማስታወሻ ተጽፏል። ማስታወሻው ባይኖር ኖሮ ከዓመታት በኋላ ኮዱን የሚያነብ ሰው ያቺን «2» ያለ ምክንያት የተቀመጠች መስላው ያጠፋት ነበር፤ ሪቨርቡም በግማሽ ይዳከም ነበር።

ለተጠቃሚው የቀረቡት መቆጣጠሪያዎች አራት ነበሩ፦ የክፍል ስፋት፣ ማደብዘዝ፣ የግራና ቀኝ ስርጭት እና መጠን። የክፍል ስፋት የሚባለው በእርግጥ የክፍል ስፋትን አይለካም። የተሰጠው ቁጥር በ0.28 ተባዝቶ 0.7 ይደመርበትና በኮምቦቹ ውስጥ ተመልሶ የሚገባው ድምፅ ምን ያህል እንደሚሆን ይወስናል። በዚያን ጊዜ ፍሉይድሲንት ሲከፈት የነበረው ልክ 0.2 ስለነበረ የምልልሱ መጠን 0.756 ይሆናል፤ በዚህ ልክ ድምፁ በ60 ዴሲቤል እስኪወርድ አጭሩ ኮምብ 0.63 ሰከንድ፣ ረጅሙ 0.9 ሰከንድ ገደማ ይወስዳል። ልኩ ወደ 1 ከፍ ሲል የምልልሱ መጠን 0.98 ይሆናል፣ የረጅሙ ኮምብ ማስተጋባትም ወደ 12.5 ሰከንድ ይዘልቃል። ይህን 12.5 አንባቢ ልብ ይበልልኝ።

ወደ ሲ በመቀየሩ የተነሳ በቀላሉ የማይታይ ሌላ ነገርም ተከሰተ። ኮዱ ከዚያ ቀን ጀምሮ የላይብረሪው ቅጂ መሆኑ ቀርቶ የፍሉይድሲንት አካል ሆነ። ሌላ ሰው ዋናውን ኮድ ቢያሻሽል ማሻሻያው ወደ ፍሉይድሲንት የሚመጣበት መንገድ አልነበረም፤ ከፍሉይድሲንት የወጣ ጥገናም ወደ ሌሎቹ የሚደርስበት መንገድ አልነበረም። ዋናውን ኮድ ይዞ አዲስ እትም የሚያወጣ ሰው ስለሌለ ጥገናውን የሚልኩበት አድራሻም አልነበራቸውም።

ሙዚቃው ካቆመ በኋላ የሚመጣው ጭነት

ከጉድለቶቹ ሁሉ አስገራሚው ይህ ነው። ሪቨርብ ያለበት ፕሮግራም ሙዚቃ ሲጫወት ፕሮሰሰሩ ጸጥ ብሎ ይሠራል፤ ሙዚቃው ካቆመና ጆሮ ምንም ከማይሰማበት ደረጃ ከተደረሰ በኋላ ግን የፕሮሰሰሩ ጭነት በድንገት ይዘላል። በፍሉይድሲንት ኮድ ውስጥ ያለው ማስታወሻ ይህ በፔንቲየም ፕሮሰሰሮች ላይ በዚሁ ሪቨርብ ሆን ተብሎ ተሞክሮ እንደተረጋገጠ፣ በ10 ሰከንድ አማካይ ሲለካም ጭነቱ አንዳንዴ በእጥፍ እንደሚያድግ መዝግቧል።

ምክንያቱ የኮምፒውተሩ የቁጥር አያያዝ ነው። ባለ 32 ቢት የአስርዮሽ ቁጥር ስምንት ቢቶች ለኤክስፖነንት ተመድበውለታል። ቁጥሩ እየቀነሰ ሄዶ ኤክስፖነንቱ ዜሮ ላይ ሲደርስ፣ ፕሮሰሰሩ ቁጥሩን ወዲያው ዜሮ አያደርገውም፤ ትክክለኛነቱን ጥቂት በጥቂት እየተወ ወደ ዜሮ የሚጠጋበት አንድ ጠባብ ክልል ይተውለታል። በዚህ ክልል ያሉት ዲኖርማል ቁጥሮች ይባላሉ። ለሳይንስ ስሌት ጠቃሚ ናቸው፤ ነገር ግን ብዙ ፕሮሰሰሮች በተለመደው ፈጣን መንገድ ስለማያሰሏቸው አንድ ተራ ማባዛት ከወትሮው እጅግ የበለጠ ጊዜ ይወስዳል።

ኮምብ ፊልተር ደግሞ ወደዚህ ክልል ለመውረድ የተፈጠረ ያህል ነው። የሚገባው ድምፅ ሲያቆም ውስጡ ያለው ቁጥር በእያንዳንዱ ዙር በ0.756 እየተባዛ ይቀንሳል እንጂ ዜሮ አይሆንም። ዲኖርማል ክልል የሚጀምረው ከሙሉ ድምፅ በታች በ758 ዴሲቤል ገደማ ነው። በእያንዳንዱ ዙር 2.43 ዴሲቤል ስለሚወርድ 312 ዙሮች ያስፈልጋሉ፤ አንዱ ዙር በአጭሩ ኮምብ 25.3 ሚሊሰከንድ ስለሚፈጅ ቁጥሩ ክልሉ ላይ የሚደርሰው ሙዚቃው ካቆመ ከ8 ሰከንድ ገደማ በኋላ ነው። ረጅሙ ኮምብ ከ11 ሰከንድ በኋላ ይከተለዋል። ሰሚው ዝምታውን ከለመደው ቆይቷል። ችግሩን የሚያየው ሌላ ፕሮግራም አብሮ የከፈተና ድምፁ መቆራረጥ የጀመረበት ሰው ነው፤ እሱም ሪቨርቡን ሳይሆን ሌላውን ፕሮግራም ይጠረጥራል።

ጄዛር ችግሩን ያውቅ ነበር፤ ስምንተኛው ፋይል የተጻፈው ለዚሁ ነው። የሱ መፍትሔ የቁጥሩን ቢቶች እንደ ሙሉ ቁጥር ማንበብ፣ ስምንቱ የኤክስፖነንት ቢቶች ሁሉም ዜሮ ከሆኑ ቁጥሩን ራሱን ዜሮ ማድረግ ነው። ትክክለኛ መፍትሔ ነው፣ ግን ሁለት ጣጣ አለበት። አንደኛው ወጪው ነው። እያንዳንዱ ኮምብ ሁለት ጊዜ፣ እያንዳንዱ ኦልፓስ አንድ ጊዜ ፍተሻውን ስለሚያደርግ፣ በሁለቱም ቻናሎች ለእያንዳንዱ ሳምፕል 40 ፍተሻዎች ይደረጋሉ፤ በሰከንድ ሲሰላ ከ1.7 ሚሊዮን በላይ ነው። ሁለተኛው የቋንቋው ሕግ ነው። የአስርዮሽ ቁጥርን አድራሻ ቀይሮ እንደ ሙሉ ቁጥር ማንበብ በሲም ሆነ በሲ ፕላስ ፕላስ ሕግ አይፈቀድም፤ ኮምፓይለሩ (ኮዱን ወደ ማሽን ቋንቋ የሚቀይረው ፕሮግራም) ኮዱን ሲያፈጥን እንዲህ ዓይነት ነገር እንደማይኖር ስለሚገምት ፍተሻውን ትርጉም አልባ ሊያደርገው ይችላል። ኮዱ በተጻፈበት ዘመን ይህ በተግባር ብዙም አላስቸገረም፤ ኮምፓይለሮች እየበረቱ ሲመጡ ግን ከቅጂዎቹ ብዙዎቹ ያችን መስመር መልሰው ለማየት ተገደዋል።

ፍሉይድሲንት የሄደበት መንገድ የተለየ ነው፣ በእኔ ግምትም ያምራል። ቁጥሩ ዜሮ ላይ እንዳይደርስ መጠበቅ ስለማይቻል፣ ወደ ሌላ ቁጥር እንዲወርድ አደረጉት። ወደ ሪቨርቡ በሚገባው ድምፅ ላይ የአንድ መቶ ሚሊዮንኛ ያህል የማይለዋወጥ ቁጥር ይደመራል፤ ማቆያዎቹም ገና ከመነሻው በዜሮ ምትክ በዚሁ ቁጥር ይሞላሉ። ሙዚቃው ሲያቆም በኮምቦቹ ውስጥ ያለው ዋጋ ወደዚህች ትንሽ ቁጥር አካባቢ ይወርድና እዚያው ይቆማል። ዲኖርማል ክልል ከዚያ በብዙ መቶ ዴሲቤል ይርቃል። በመውጫው ላይ ያው ቁጥር ይቀነሳል። ከ1.7 ሚሊዮን ፍተሻ ይልቅ ለእያንዳንዱ ሳምፕል አንድ መደመርና ሁለት መቀነስ ብቻ ቀረ። ጉዳቱ ሪቨርቡ ሲነሳ የሚፈጠር፣ ማንም የማይሰማው ቅጽበታዊ መንቀጥቀጥ ነው፤ ይህንንም ማስታወሻው አልደበቀም።

ዛሬ ያሉ ፕሮሰሰሮች ዲኖርማል ቁጥሮችን ራሳቸው ዜሮ እንዲያደርጉ የሚታዘዙበት መቀየሪያ አላቸው፤ ብዙ ፕለጊኖችም ሥራ ሲጀምሩ አብርተው ሲጨርሱ ወደነበረበት ይመልሱታል። በሌላ ሰው ፕሮግራም ውስጥ የሚሠራ ላይብረሪ ግን ያን መቀየሪያ አብርቶ ሳያጠፋ ቢወጣ የባለቤቱን ፕሮግራም ስሌት ሊያዛባ ይችላል። ትንሿን ቁጥር መደመር እንዲህ ያለ ጠንቅ ስለሌለባት፣ በላይብረሪ ውስጥ ለሚቀመጥ ኮድ እስከ ዛሬ የተሻለች ናት እላለሁ።

የሳምፕል ፍጥነት

ይህኛው ቀላል ነው። የጄዛር ዝርዝር የተጻፈው ለ44,100 ሳምፕል ፍጥነት ነው። ያው ቁጥር ሳይለወጥ በ48,000 ቢሠራ የእያንዳንዱ ኮምብ ቆይታ በ8 በመቶ ያጥራል፤ በ96,000 ቢሠራ 25.3 ሚሊሰከንድ የነበረው 11.6 ይሆናል፣ የማስተጋባቱም ዕድሜ ከግማሽ በታች ይወርዳል። አንድ ሰው በቅንብር ፕሮግራሙ ውስጥ ፍጥነቱን ከፍ ባደረገ ቁጥር አዳራሹ ይጠብበታል ማለት ነው። ፍሉይድሲንት ሁሉንም ቆይታዎች በተመረጠው ፍጥነትና በ44,100 መካከል ባለው ንጽጽር በማባዛት አስተካከለው። ሶክስም እንዲሁ አድርጓል፣ ጁስም እንዲሁ። ሦስት ፕሮጀክቶች ለአንድ ጉድለት አንድ ዓይነት ጥገና እየጻፉ አንዳቸው የሌላውን አልተጠቀሙም። ጥገናው ሁለት ደቂቃ የማይወስድ ስለሆነ ማንም አላማረረም፤ ዋናው ኮድ ግን አሁንም በተለቀቀበት መልክ ያለ ጥገና ይቀዳል።

የብረት ድምፅ

የተቀረው ጉድለት በጥገና የሚድን አልነበረም። ፍሪቨርብን ለመፈተን የሚበጀው አጭርና ደረቅ ድምፅ ነው፤ ጭብጨባ ወይም አንድ ጊዜ የተመታ የክራር ክር። የክፍሉ ስፋት ከፍ ብሎ እንዲህ ያለ ድምፅ ሲገባበት ጭራው ላይ የተመታ ብረት የሚመስል እንጉርጉሮ ይሰማል። እንደ ኦርጋን ወይም እንደ ቫዮሊን መንጋ የሚረዝም ድምፅ ሲገባበት ግን ይሸፈናል፤ ብዙ ሰው ጉድለቱን ሳያስተውል ለዓመታት የኖረውም ለዚህ ይመስለኛል።

መነሻው ኮምቦቹ ብቻቸውን መቆማቸው ነው። አንድ ኮምብ የራሱን ድምፅ ብቻ መልሶ ስለሚሰማ ርዝመቱ በሚፈቅድለት ድግግሞሾች (የድምፅ ንዝረት ፍጥነቶች) ላይ ብቻ ያስተጋባል። የግራው ቻናል ስምንት ኮምቦች ርዝመት ሲደመር 11,024 ሳምፕል፣ ማለትም ሩብ ሰከንድ ነው። በዚህ የተነሳ በአማካይ በየ4 ሄርዙ አንድ የሚያስተጋባ ድግግሞሽ ይገኛል። እያንዳንዱ የሚይዘው ስፋት ደግሞ 2.2 ለማስተጋባቱ ዕድሜ ሲካፈል የሚገኘው ነው። ዕድሜው አንድ ሰከንድ ከሆነ ስፋቱ 2.2 ሄርዝ ስለሚሆን ክፍተቱ ብዙም አይጎላም። ዕድሜው 12 ሰከንድ ሲሆን ግን ስፋቱ ከ0.2 ሄርዝ በታች ይወርዳል፤ በ4 ሄርዝ ርቀት ላይ የቆሙ ቀጫጭን ድግግሞሾች እያንዳንዳቸው እንደ ደወል ለብቻቸው ይጮኻሉ።

የቁጥሮቹ ምርጫም አላገዘም። የኮምብ ርዝመቶች የጋራ አካፋይ እንዳይኖራቸው ማድረግ የተለመደ ምክር ነው፤ አለበለዚያ በአንድ ድግግሞሽ ላይ ተጋግዘው ይጮኻሉ። ዝርዝሩን ቁጭ ብዬ ሳካፍለው 1116 እና 1188 ሁለቱም ለ36 ይካፈላሉ፤ ስለዚህ በ1,225 ሄርዝና በብዜቶቹ ላይ አብረው ያስተጋባሉ። 1422 ለ18 ስለሚካፈል በ2,450 ሄርዝ ላይ ይጨመራቸዋል፤ 1557 ለ9 ስለሚካፈል በ4,900 ላይ አራተኛ ይሆናል። ከስምንቱ ለ3 የማይካፈለው 1277 ብቻ ነው። በቀኙ ቻናል 23 ሲደመር ይህ ግጥምጥሞሽ ይፈርስና ሌላ ይተካበታል፤ 1300፣ 1580 እና 1640 ሦስቱም ለ20 ስለሚካፈሉ በ2,205 ሄርዝ ይገናኛሉ። ፍጥነቱ ተቀይሮ ርዝመቶቹ ሲባዙና ሲሸራረፉ ደግሞ ግጥምጥሞሹ በየፍጥነቱ ይለያያል። አንድ ሰው በ44,100 የሰማውን እንጉርጉሮ ሌላው በ48,000 በሌላ ቦታ ይሰማዋል ማለት ነው፤ ሁለቱ ስለ አንድ ችግር ሲነጋገሩ ላይግባቡ ይችላሉ።

ርዝመቶቹን በመቀየር ጥቂት ማሻሻል ይቻላል፣ ነገር ግን በየ4 ሄርዙ አንድ የሚለው አማካይ አይቀየርም። እሱን ለመቀየር ወይ ኮምቦቹን ማብዛት ወይ አወቃቀሩን መተው ያስፈልጋል።

የ2020ው ለውጥ

ፍሉይድሲንት ሁለተኛውን መረጠ። እ.ኤ.አ. በ2020 በወጣው 2.1 እትም ፍሪቨርብ ተነስቶ፣ በተሳሰሩ ማቆያዎች የሚሠራ አዲስ ሪቨርብ ተተካ፤ እትሙን ያጀበው መግለጫም ብዙ የማያንጎራጉር አዲስ ሪቨርብ ብሎ አስተዋወቀው። አወቃቀሩ የሚከተለው ፈረንሳዊው ዣን ማርክ ዦ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ያሳዩትን አሠራር ነው። ስምንት ማቆያዎች አሁንም አሉ፤ ነገር ግን ከእያንዳንዱ የሚወጣው ድምፅ ወደ ራሱ ብቻ ሳይሆን ወደ ሁሉም ይመለሳል። የስምንቱ ድምር በ8 ተካፍሎ፣ በ2 ተባዝቶ ከእያንዳንዱ ስለሚቀነስ ቅልቅሉ ርካሽ ነው። ከዚህም በላይ የማቆያዎቹ ርዝመት ባለበት አይረጋም፤ በዝግታ ከፍና ዝቅ ይላል። የሚያስተጋባው ድግግሞሽ አንድ ቦታ ላይ ካልቆመ የደወሉ ድምፅ ለመያዝ ጊዜ አያገኝም።

ከዚህ ለውጥ ውስጥ ትኩረት የሚገባው ያልተቀየረው ነገር ነው። አራቱ መቆጣጠሪያዎች በነበሩበት ስምና ቅደም ተከተል ቀሩ። ፍሉይድሲንትን የሚጠሩ ሌሎች ፕሮግራሞች ኮዳቸውን እንዳይነኩ፣ ተጠቃሚዎችም ፍሉይድሲንትን በሚቆጣጠሩ እንደ ኪውሲንት ባሉ መስኮቶች ያስቀመጧቸው ልኮች እንዳይበላሹባቸው ነው። ይሁን እንጂ ስምን ማቆየት ብቻውን አይበቃም ነበር፤ 0.2 ብሎ ያስቀመጠ ሰው በአዲሱ ሪቨርብ የሦስት ሰከንድ ማስተጋባት ቢሰማ ቅንብሩ ተበላሽቶበታል ማለት ነው። ስለዚህ ገንቢዎቹ የክፍል ስፋትን ወደ ማስተጋባት ዕድሜ የሚቀይረውን መንገድ የፍሪቨርብን ምላሽ እንዲከተል አድርገው ሠሩት።

በአዲሱ ኮድ ውስጥ የማስተጋባቱ ዕድሜ ዝቅተኛ ወሰን 0.7 ሰከንድ፣ ከፍተኛ ወሰን 12.5 ሰከንድ ነው። ቁጥሮቹ ከየት እንደመጡ ለማየት የጄዛርን ረጅም ኮምብ መውሰድ ይበቃል። 1617 ሳምፕል ያለው ኮምብ የምልልሱ መጠን 0.7 ሲሆን 60 ዴሲቤል ለመውረድ 0.71 ሰከንድ፣ 0.98 ሲሆን 12.5 ሰከንድ ይወስድበታል። የድሮው ድምፅ በአዲሱ ውስጥ የለም፤ ልኬቱ ግን እንዳለ ተላልፏል። የክፍል ስፋቱ በእኩል እርምጃ እንዲጨምር የሚፈልግ ገንቢ ኮዱን ከማጠናቀሩ በፊት አንድ መስመር ከፍቶ መቀየር ይችላል፤ ካልነካው ግን ፕሮግራሙ በ2001 የተቀመጠ 0.2ን ዛሬም እንደዚያን ጊዜው አጭር ማስተጋባት ይተረጉመዋል።